ሕንድ ውስጥ በካስት (ሰው በትውልዱ በሚመደብበት መደብ) ጥቃት የተጠረጠረ ሰው በዋስ ይወጣል? ምስክሩስ ምን ያድርግ?

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦ «ፑንጃብ ውስጥ ማስተርሴን እየተማርኩ ነው። ያከራየኝ ሰውዬ ባለፈው ሳምንት ከጎረቤቱ ጋር በሞተር ሳይክል ማቆሚያ ተጣላ። ጎረቤቱ ዳሊት ነው፤ ማለት «አይነካም» ተብለው ሲገለሉ ከኖሩት ካስቶች ነው። ጠቡ የተነሳው የግቢያችን በር ላይ ነው፤ እኔም ጩኸት ሰምቼ ወርጄ እዚያው ቆሜ ነበር። የሰፈር ሰው ተሰብስቧል። ሰውዬው አንድ ቃል ደጋግሞ ሲጮህ ሰምቻለሁ። ቋንቋውን በደንብ ስለማላውቅ ያኔ አልገባኝም፤ በኋላ ጓደኛዬ የካስት ስድብ መሆኑን ነገረችኝ። ጎረቤቱ ፖሊስ ጋ ሄዶ አመልክቷል። አሁን የቤቱ ሰዎች ሦስት ነገር ይሉኛል። ይህ ሕግ ዋስትና ስለማይፈቅድ አባታችን ፍርድ እስኪሰጥ ይታሰራል ይላሉ። ፖሊስ አስቀድሞ ሳያጣራ አቤቱታውን መመዝገብ አይችልም ነበር ይላሉ። እኔ ደግሞ ‹ምንም ስድብ አልሰማሁም› የሚል ቃለ መሐላ ብፈርም ዋስትናው እንደሚቀልለት ነገሩኝ። ወረቀቱን ትልቁ ልጅ አዘጋጅቶ አምጥቷል። ሰውዬው ለእኔ ክፉ ሆኖ አያውቅም። ልፈርም ወይ?»

አትፈርም።

ከነገሩህ ሁለቱ ስህተት ናቸው። ሦስተኛው ደግሞ አንተን ራስህን ተከሳሽ ሊያደርግህ ይችላል። ሦስቱም የሚገናኙበት ቦታ ስላለ በደንብ እናያቸው።

ከሕጉ ልጀምር። የካስት ጥቃትን የሚከለክለው ይህ ሕግ የወጣው በ1989 ነው፤ ሥራ ላይ የዋለው በጃንዋሪ 1990 ነው (ከአንዱ በቀር ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። የሕንድ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 17 ሰውን «ርኩስ ነው፣ አይነካም» ብሎ ማግለልን ሽሯል። በ1955 ይህንኑ የሚያስፈጽም ሕግ ወጥቶ ነበር፤ ግን አልበቃም። ዳሊት ቤተሰብ ከመንደሩ ጉድጓድ ውሃ እንዳይቀዳ ይከለከላል። መሬቱን ይነጠቃል። ሴቶቹ ልብሳቸው ተገፎ በሰው ፊት እንዲሄዱ ይደረጋል። እነዚህ ድርጊቶች እንደ ተራ ስድብና ድብደባ ሲታዩ ክሱ መንገድ ላይ ይቀራል። ስለዚህ የ1989ኙ ሕግ እንዲህ ያሉ ድርጊቶችን አንድ በአንድ ዘርዝሮ የራሳቸው ቅጣት ሰጣቸው። ልዩ ፍርድ ቤትም አቆመላቸው። በ2015 በተደረገው ማሻሻያ ዝርዝሩ ሰፋ፣ የተበዳይና የምስክር መብትም ራሱን ችሎ ገባበት። የመጨረሻውን አስታውሰው፤ አንተን የሚነካህ እሱ ነው።

ሕጉ የሚጠብቃቸው ሰዎች በመንግሥት መዝገብ የተዘረዘሩ ካስቶችና ነገዶች ናቸው። በ2011 ቆጠራ የተዘረዘሩት ካስቶች ከሕንድ ሕዝብ 16.6 በመቶ፣ ነገዶቹ 8.6 በመቶ ነበሩ። አንተ ባለህበት ፑንጃብ ግን ካስቶቹ ብቻ ከሕዝቡ ወደ አንድ ሦስተኛ ይጠጋሉ። ተከሳሽ የሚሆነው ደግሞ ከእነዚህ ወገኖች ያልሆነ ማንኛውም ሰው ነው። ሕጉ «የሕንድ ዜጋ የሆነ» አይልም። እኔ የውጭ ሰው ነኝ፣ አይመለከተኝም ብለህ እንዳትዘናጋ።

«ለአንድ ስድብ ይሄ ሁሉ?» የሚል ሰው አይጠፋም። እኛ ግን ለመረዳት ሩቅ መሄድ የለብንም። አገራችን ውስጥ ሸክላ ሠሪዋን፣ ቀጥቃጩን፣ ቆዳ ፋቂውን ሲጠሩበት የኖረውን ስም አስብ። ስሙ ሰውየውን ከነዘር ማንዘሩ ዝቅ ያደርጋል። አብሮት ላለመብላት፣ ልጁን ላለማግባት፣ መቃብሩን ለመለየት ሰበብ ይሆናል። በራችሁ ላይ የተጮኸው ቃልም ለጎረቤቱ እንደዚያ ነው። ስለዚህ ነገሩን የሁለት ጎረቤት የሞተር ሳይክል ማቆሚያ ጠብ ብቻ አድርገህ አትየው። እንዲያ ሊሆን ይችላል፤ ላይሆንም ይችላል። ያንን የሚወስነው ፍርድ ቤት ነው።

አሁን ወደ ዋስትናው። የሕንድ ሕግ ወንጀሎችን ሁለት ቦታ ይከፍላቸዋል። በአንደኛው ክፍል ያሉት ቀላል ወንጀሎች ሲሆኑ ዋስትና መብት ነው፤ ፖሊስ ጣቢያ ሆነህም ታገኘዋለህ። በሁለተኛው ክፍል ያሉት ላይ ዋስትና መብት አይደለም፤ ዳኛው አይቶ ይፈቅዳል ወይም ይከለክላል። በካስት ጥቃት ሕጉ ሥር ያለው ስድብ ከስድስት ወር እስከ አምስት ዓመት እስራትና መቀጮ ያስቀጣል። ስለዚህ ሁለተኛው ክፍል ውስጥ ይወድቃል። ሰዉ ይህን ሲሰማ «ዋስትና የለውም» ብሎ ይተረጉመዋል። ትክክለኛው ነገር ግን «ዳኛ ይጠየቅበታል» ነው። ግድያና አስገድዶ መድፈር የመሳሰሉትም እዚያው ክፍል ናቸው፤ በእነሱ የተከሰሱ ሰዎችም በየቀኑ ዋስትና ይጠይቃሉ፣ አንዳንዶቹም ያገኛሉ።

ከእነዚህ ሌላ እኛ የማናውቀው ሦስተኛ ነገር አለ። እኛ የተማርንበት የ1954 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ዋስትናን የሚያውቀው ሰው ከተያዘ በኋላ ነው። በሕንድ ግን እያዛለሁ ብሎ የሰጋ ሰው ገና ሳይያዝ ፍርድ ቤት ሄዶ «ፖሊስ ከያዘኝ ወዲያው በዋስ እንድለቀቅ ይታዘዝልኝ» ማለት ይችላል። ቅድመ ዋስትና ልንለው እንችላለን። በድሮው ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 438 ነበር፤ ከጁላይ 1 ቀን 2024 ጀምሮ ሥራ ላይ በዋለው አዲሱ ሕግ አንቀጽ 482 ሆኗል። ገንዘብና ጠበቃ ያለው ሰው መጀመሪያ የሚሮጠው ወደዚህ ነው።

የካስት ጥቃት ሕጉ በአንቀጽ 18 የዘጋው ይህንን ብቻ ነው። መደበኛውን ዋስትና አልነካም። «አባታችን ፍርድ እስኪሰጥ ይታሰራል» የሚለው ወሬ የመጣው አንድ በር መዘጋቱን በሮች ሁሉ እንደተዘጉ አድርጎ ከመውሰድ ነው።

ለምን ይህ በር ብቻ ተዘጋ? የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1995 ከማድያ ፕራዴሽ በመጣ ጉዳይ ላይ መልሶታል። አንቀጽ 18 እኩልነትን ይጥሳል ተብሎ ተከሶ ነበር። ፍርድ ቤቱ አልተቀበለም። እነዚህ ወንጀሎች የሚፈጸሙት ጉልበት ባለውና በሌለው መካከል ነው፤ ተጠርጣሪው ገና ሳይያዝ ዋስትና በኪሱ ካደረገ ተበዳዩን ያስፈራራል፣ ምርመራውን ያደናቅፋል የሚል ነው ፍሬ ነገሩ። ይህ ፍርሃት ከሜዳ የመጣ አይደለም። ተበዳዩ የሚኖረው እዚያው ሰፈር ነው። ሥራ የሚያገኘው ከተጠርጣሪው ወይም ከዘመዱ ሊሆን ይችላል። ምስክሩም ተከራይ፣ ገበሬ፣ የቀን ሠራተኛ ነው። አቤቱታው በተመዘገበ በመጀመሪያዎቹ ቀናት ሁለት ሦስት ሰው ቤቱ ድረስ ሄዶ «ምንም አልሰማሁም በል» ካለው ጉዳዩ እዚያው ይሞታል። አንተ ጋ ወረቀት ይዞ የመጣው ልጅ፣ አስቦበትም ይሁን ሳያስብበት፣ ያደረገው ይህንኑ ነው።

በሩ ግን ሙሉ በሙሉ አልተቆለፈም፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። በፌብሩዋሪ 2020 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ክልከላውን ካጸና በኋላ አንድ ነገር ጨመረ። የቀረበው አቤቱታ ገና ሲነበብ ወንጀሉን የማያሳይ ከሆነ የአንቀጽ 18 ክልከላ አይሠራም አለ። ለምሳሌ አቤቱታው ስድብ መሰደቡን እንጂ ከካስት ጋር የተያያዘ ምንም ነገር ካልጠቀሰ፣ ወይም ነገሩ የተፈጸመው ሁለቱ ብቻቸውን ዝግ ክፍል ውስጥ ሆነው ከሆነ፣ ዳኛው ቅድመ ዋስትና ሊሰጥ ይችላል። በኦገስት 2024 ከኬረላ በመጣ ጉዳይ ይህ ሆኗል። የዩቲዩብ ቻናል አዘጋጅ አንድን የምክር ቤት አባል በቪዲዮ ዘልፎ ነበር። የምክር ቤት አባሉ ከተዘረዘሩት ካስቶች ነው። ፍርድ ቤቱ ዘለፋው በካስቱ ምክንያት መሆኑን የሚያሳይ ነገር አላገኘም፤ ቅድመ ዋስትናውን ፈቀደ። የተሰደበው ሰው ከእነዚያ ወገኖች መሆኑ ብቻውን አይበቃም ማለት ነው።

ይህን ሰምተው ደግሞ ጠበቆች ቀዳዳውን ለማስፋት ይሞክራሉ። «ምስክሮቹ ይዋሻሉ፣ አቤቱታው በቂም የቀረበ ነው» እያሉ ማስረጃ ያስመዝናሉ። ያ አይፈቀድም። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2012 በዚህ ደረጃ ላይ ማስረጃ በጥልቀት መመርመር አይገባም ብሏል። በሴፕቴምበር 2025ም ከማሃራሽትራ በመጣ ጉዳይ ከፍተኛ ፍርድ ቤቱ የሰጠውን ቅድመ ዋስትና ሽሯል። ምክንያቱም አቤቱታው ላይ በግልጽ የተጻፈ የካስት ስድብና ድብደባ እያለ ከፍተኛ ፍርድ ቤቱ ከሙሉ ክርክር በፊት ማስረጃ ወደ መመዘን ገብቶ ነበር። መስመሩ ቀጭን ነው ግን አለ፤ ዳኛው አቤቱታውን ያነባል እንጂ አይፈርድበትም።

አከራይህስ የት ላይ ይወድቃል? በነገርከኝ መሠረት ነገሩ የተፈጸመው በር ላይ ነው፤ የካስት ስድብ ተሰምቷል፤ ሰው ቆሟል። ለስድቡ ወንጀል ሕጉ የሚፈልገው ድርጊቱ ሰው በሚያየው ቦታ መፈጸሙን ነው። በ2008 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ያየው ጉዳይ ከእናንተ ጋር ይቀራረባል። አንድ ሹፌር ግቢ በር ላይ ከቆመ መኪና አጠገብ ሆኖ በካስቱ ተሰደበ። ፍርድ ቤቱ የቤት በር ያለ ጥርጥር ሰው የሚያየው ቦታ ነው አለ። ቦታው የግል ይዞታ ቢሆን እንኳ ከመንገድ የሚታይ ከሆነ ይበቃል። በ2020 ደግሞ ከኡታራካንድ በመጣ ጉዳይ ተቃራኒው ሆነ። ስድቡ ተፈጸመ የተባለው በአራት ግድግዳ መካከል ነው፤ የውጭ ሰው አልነበረም፤ በመካከላቸውም የቆየ የመሬት ክርክር ነበር። የካስቱ ክስ ተሰረዘ። የአከራይህ ጠበቃ «ጠቡ የማቆሚያ ነው፣ ካስት የለበትም» ለማለት የ2020ውን ይጠቅሳል። ከሳሹ ወገን የበሩን ይጠቅሳል። እኔ ቅድመ ዋስትናውን የሚያገኝ አይመስለኝም። «ዳሊት መሆኑን አላውቅም ነበር» ማለትም ብዙ አያስኬደውም። ተከሳሹ ተበዳዩን ወይም ቤተሰቡን በግል የሚያውቅ ከሆነ፣ ተቃራኒውን እስኪያስረዳ ድረስ ካስቱን ያውቃል ብሎ ሕጉ ይገምታል።

ሁለተኛው ወሬ፣ «ፖሊስ አስቀድሞ ማጣራት ነበረበት» የሚለው፣ ከየት እንደመጣ አውቃለሁ። በማርች 20 ቀን 2018 የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ሁለት ዳኞች ሕጉ ለበቀል እየዋለ ነው ብለው አዲስ መመሪያ ሰጥተው ነበር። አቤቱታ ከመመዝገቡ በፊት ቅድመ ማጣራት ሊደረግ ይችላል፣ ለመያዝም የበላይ ፈቃድ ያስፈልጋል፣ ቅድመ ዋስትናም ፈጽሞ የተከለከለ አይደለም አሉ። ዳሊቶች አገር አቀፍ ተቃውሞ ጠሩ። ኤፕሪል 2 ቀን በብዙ ክፍላተ አገር ሁከት ተነሳ፤ የሰው ሕይወት ጠፋ። በኦገስት ፓርላማው አንቀጽ 18ኤን ጨመረ። ቅድመ ማጣራት አያስፈልግም፣ ለመያዝም ፈቃድ አያስፈልግም፣ የትኛውም ፍርድ ቤት ያለው ነገር ቢኖር ቅድመ ዋስትና አይፈቀድም አለ። በኦክቶበር 2019 ራሱ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የ2018ቱን መመሪያዎች አነሳ። በ2020 ደግሞ አዲሱን አንቀጽ አጸና። የቤቱ ሰዎች የሰሙት በ2018 ለጥቂት ወራት ብቻ የሠራውን ነገር ነው። ዛሬ የለም። ፖሊሱ አቤቱታውን ሳያጣራ መመዝገቡ ስህተት አይደለም፤ አለመመዝገቡ ነው የሚያስጠይቀው።

ከዚሁ ጋር አንድ ነገር ልብ በል። አንቀጽ 18ኤ ፖሊስ ለመያዝ ፈቃድ አይጠይቅም ሲል «አስፈላጊ ከሆነ» የሚል ቃል አስገብቷል። ይያዝ አላለም። ሰውዬው ሲጠራ ከቀረበ፣ ምስክር ካላስፈራራ፣ ካልተሰወረ፣ ፖሊስ ሳይዘው ምርመራውን ሊጨርስ ይችላል። ከተያዘ ደግሞ በ24 ሰዓት ውስጥ ዳኛ ፊት መቅረብ አለበት። ከዚያ ለልዩ ፍርድ ቤቱ መደበኛ ዋስትና ይጠይቃል።

ልዩ ፍርድ ቤቱ የሚያየው ነገር ለእኛም እንግዳ አይደለም። የእኛው ሕግ በአንቀጽ 67 ዋስትና የሚከለከልበትን ምክንያት ሲዘረዝር ግዴታውን አይፈጽምም ተብሎ ሲታሰብ፣ ሌላ ወንጀል ይፈጽማል ተብሎ ሲገመት፣ ምስክር ያባብላል ወይም ማስረጃ ያጠፋል ተብሎ ሲሰጋ ይላል። ሕንድም ዳኞች የሚመዝኑት ይህንኑ ነው፤ የወንጀሉን ክብደት ይጨምሩበታል። ቋሚ አድራሻ ያለው፣ ከዚህ በፊት ያልተከሰሰ፣ ድብደባ ያልፈጸመ፣ በስድብ ብቻ የተጠረጠረ ሰው በመደበኛው መንገድ የመውጣት ዕድሉ ጥሩ ነው። ሲወጣም ገደብ ይጣልበታል፤ ወደ ከሳሹ ቤት አትሂድ፣ ምስክር አታናግር፣ ስትጠራ ቅረብ ይባላል። ፖሊስ በ60 ቀን ውስጥ ምርመራውን ጨርሶ ክስ ካላቀረበ ደግሞ እንዲህ ባለው ወንጀል የታሰረ ሰው ዋስ አቅርቦ የመውጣት መብት ያገኛል። ይህ የዳኛ ችሮታ አይደለም። ወንጀሉ እንደ ግድያ ከባድ ከሆነ ጊዜው 90 ቀን ነው። በልዩ ፍርድ ቤቱ ውሳኔ ቅር የተሰኘ ወገን፣ ከሳሽም ይሁን ተከሳሽ፣ በአንቀጽ 14ኤ መሠረት ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ይግባኝ ይላል። በፑንጃብ ይህ ቻንዲጋር ያለው ፍርድ ቤት ነው።

ዋስትናው ሲጠየቅ ጎረቤትህም አብሮ ይሰማል። ይህን የቤቱ ሰዎች የሚያውቁት አይመስለኝም። በአንቀጽ 15ኤ መሠረት ተበዳዩ የዋስትና ችሎት መኖሩ አስቀድሞ ሊነገረው፣ ቀርቦም ሐሳቡን ሊሰጥ ይገባል። በኦክቶበር 2021 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ከራጃስታን በመጣ የግድያ ጉዳይ ይህ ግዴታ ነው አለ። ተበዳዩ ወገን ሳይነገረው የተሰጠውን ዋስትናም ሰረዘ። በበኩሌ የሕጉ ትልቁ ፍሬ ይህ ነው እላለሁ። ለብዙ ዘመን የዳሊት ከሳሽ ሰዳቢው መለቀቁን የሚያውቀው መንገድ ላይ ሲያገኘው ነበር።

አሁን ወረቀቱ። አንተ ቃሉን ሰምተሃል። «ምንም አልሰማሁም» ብለህ ብትፈርም ሐሰት ነው። ሐሰተኛ መሐላ በማንኛውም አገር ያስቀጣል፤ እዚህ ግን ከዚያም ይብሳል። የካስት ጥቃት ሕጉ ራሱ በአንቀጽ 3(2) ሥር እንዲህ ያለውን ሰው ያነሳል። በሕጉ የተከለከለ ወንጀል መፈጸሙን እያወቀ፣ ወንጀለኛውን ከቅጣት ለማስጣል ማስረጃ ያጠፋ ወይም ሐሰት መሆኑን የሚያውቀውን መረጃ የሰጠ ሰው ለዋናው ወንጀል የተደነገገውን ቅጣት ይቀጣል። ማለት አንተም እስከ አምስት ዓመት የሚያሳስር ነገር ውስጥ ትገባለህ። አከራይህ ነገ ክሱን ቢያሸንፍና ነጻ ቢወጣ እንኳ ያንተ ፊርማ መዝገቡ ውስጥ ይቀራል።

ደግሞም ወረቀቱ እሱንም አይጠቅመውም። ተጠርጣሪው ወገን ከምስክር ዘንድ የተዘጋጀ ቃል ይዞ መምጣቱ ከታወቀ ዐቃቤ ሕጉ ለዳኛው «ይኸው ምስክር እያባበሉ ነው» ይላል። ዋስትና ለመከልከል ከዚህ የተሻለ ምክንያት አይገኝም። የተሰጠ ዋስትናም በዚህ ይሰረዛል። ልጁ አባቱን የሚወድ ከሆነ ወረቀቱን ቀድዶ ጠበቃ ይያዝለት።

አንድ ምልክት ልስጥህ። በሕንድ ሕግ ምስክር ለፖሊስ የሚሰጠው ቃል በምስክሩ አይፈረምም። ፖሊሱ ይጽፋል፣ አንተ አትፈርምም። የሚፈረመው ዳኛ ፊት ቀርበህ በመሐላ ቃልህን ስትሰጥ ነው። ስለዚህ አንድ ሰው ቤትህ ድረስ ቴምብር ያለው ወረቀት ይዞ «ለፖሊስ ነው፣ እዚህ ጋ ፈርም» ካለህ የሕጉን መንገድ አልተከተለም። ባዶ ወረቀት ላይም እንዳትፈርም። በማታነበው ፊደል በተጻፈ ላይም እንዳትፈርም።

በሌላ በኩል ደግሞ ለጎረቤቱ አዝነህ ከሰማኸው በላይ እንዳትናገር። ያኔ ቃሉ አልገባህም፤ በኋላ ነው የተነገረህ። እንደዚያው ብለህ ተናገር። የሰማኸውን ድምፅ እንደሰማኸው ድገመው፤ ትርጉሙን ፍርድ ቤቱ ያገኘዋል። ጓደኛህ ያብራራችልህን ግን አንተ እንደሰማኸው አድርገህ አታቅርብ። ያንተ ቃል ትልቁ ጥቅም ሌላ ቦታ ነው። የት ቆመው ነበር? በሩ ክፍት ነበር? መንገድ ላይ ስንት ሰው ነበር? ከመካከላቸው ዘመድ ያልሆነ ማን ነበር? ቃሉ አንዴ ተሰማ ወይስ ተደጋገመ? የዚህ ክስ ዕድል የሚወሰነው በእነዚህ ነው፤ ለእነሱ ደግሞ ቋንቋ ማወቅ አያስፈልግህም።

ምን እንድታደርግ እመክርሃለሁ? ዛሬውኑ ያየኸውንና የሰማኸውን በአማርኛ ጻፈው፤ ቀኑን፣ ሰዓቱን፣ የቆምክበትን ቦታ ሁሉ። ልጁ ወረቀቱን ያመጣበትን ቀንና ያለህንም ጻፍ። በስልክ መልእክት ልኮ ከሆነ አታጥፋው። የራስህን ጠበቃ ፈልግ፤ የእነሱ ጠበቃ ደግ ሰው ቢሆንም ያንተ ጠበቃ አይደለም። ዩኒቨርሲቲህ የውጭ ተማሪዎች ቢሮ ካለው አሳውቃቸው። ፖሊስ ከጠራህ ቅረብ፣ አስተርጓሚም ጠይቅ። ይህን ዓይነት ጉዳይ የሚመረምረው በደንቡ መሠረት ከምክትል ሱፐሪንቴንደንት ያላነሰ ማዕረግ ያለው መኮንን ነው፤ ስሙንና ማዕረጉን ጠይቀህ ያዝ። ለልጁ መልስህ አጭር ይሁን፦ «ቃሌን የምሰጠው ለፖሊስ ወይም ለዳኛ ብቻ ነው»። ከዚያ በላይ አትከራከር፤ ጉዳዩን ፌስቡክና ቴሌግራም ላይ አታውጣው፤ ለማስታረቅም አትግባ።

የሚያስፈራራህ ሰው ከመጣ አንቀጽ 15ኤ ለአንተም ነው። ምስክርን ከማስፈራራትና ከማባበል መጠበቅ የመንግሥት ግዴታ መሆኑን በግልጽ ጽፏል። ልዩ ፍርድ ቤቱ ጥበቃ እንዲደረግልህ፣ የመጓጓዣህ ወጪ እንዲሸፈን፣ አስፈላጊ ከሆነ አድራሻህ እንዲደበቅ ማዘዝ ይችላል። ለጎረቤትህ ደግሞ፣ ካገኘኸው፣ ገቢው ምንም ያህል ቢሆን ነጻ የሕግ ድጋፍ ከወረዳው የሕግ አገልግሎት ባለሥልጣን እንደሚያገኝ ንገረው። ለእንዲህ ያለው ጥቃት የተከፈተ 14566 የሚባል አገር አቀፍ የስልክ መስመርም አለ።

ቪዛዬስ ብለህ ሳትሰጋ አትቀርም። ምስክር መሆን የቪዛ ጥፋት አይደለም። በሐሰተኛ መሐላ መከሰስ ግን ትምህርትህንም መኖሪያ ፈቃድህንም ሊያናጋ ይችላል። ስለዚህ የምትፈራው ነገር ካለ መፈረሙን ፍራ።

ሰውዬው ለአንተ ክፉ አልሆነም ብለሃል፤ አምንሃለሁ። ለአንተ ደግ የሆነ ሰው ለጎረቤቱ ደግ ላይሆን ይችላል፤ ሁለቱም አብረው እውነት ይሆናሉ። ደግነቱን መመለስ ከፈለግህ ሊጠቅመው የሚችለው ምክር ይህ ነው፦ አይሰወር፣ ጎረቤቱን አያናግር፣ ጠበቃ ይዞ ልዩ ፍርድ ቤቱ ፊት ይቅረብና መደበኛ ዋስትና ይጠይቅ። አቤቱታው ላይ የካስት ስድብ ጭራሽ ካልተጻፈ ብቻ ጠበቃው ቅድመ ዋስትና ይሞክርለት። ይህንንም ቢሆን አንተ ቀጥታ ከምትነግረው በጠበቃህ በኩል ቢደርሰው ይሻላል፤ ምስክርና ተጠርጣሪ ስለ ጉዳዩ ሲያወሩ መታየት ለሁለታችሁም ጥሩ አይደለም። አንድ ግቢ መኖራችሁ ይህን የሚያከብድ ከሆነ ደግሞ ሌላ ቤት ፈልግ፤ አዲሱን አድራሻህን ለመርማሪው ብቻ በጽሑፍ ስጠው።